ሳይጠሩት አቤት ስላለ ሰው

ከማኅበራችን ምእመናን መካከል ከባድ መኪና በመንዳት የሚተዳደሩ፣ ከሰንበት እስከ ሰንበት በመንገድ ላይ የሚውሉ ጥቂት ወንድሞች አሉ። ከእነርሱም አንዱ፣ «ቄስ፣ እኛ እሑድ እሑድ ወደ እርስዎ መምጣት ካልሆነልን፣ እርስዎ አንድ ቀን ወደ እኛ ቢመጡ ምን አለበት?» ብሎ ስለ ወቀሰኝ፣ በሐምሌ ወር አብሬው ወደ ጅቡቲ ወረድሁ። ከኮምቦልቻ ተነሥተን በባቲና በሚሌ አልፈን በጋላፊ ድንበሩን ተሻገርን። በደጋው ክረምቱ ገብቶ ጭቃው እስከ ቁርጭምጭሚት ይደርስ ነበር፤ ቁልቁል በወረድን መጠን ግን ዝናቡም፣ ደመናውም፣ በመጨረሻም ሣሩ እንኳ ወደ ኋላ ቀረ።

ጅቡቲ በሐምሌ እንዴት እንደምትሆን በደጋ ለሚኖር ሰው ማስረዳት ይቸግራል። ሙቀቱ ከ40 ዲግሪ በላይ ይወጣል፤ ካምሲን የሚሉት የበረሃ ነፋስ አሸዋ እያነሣ በመጣ ጊዜ መንገደኛው ፊቱን ሸፍኖ ይሄዳል። ከቀትር በኋላ ሱቆቹ ይዘጋሉ፤ ከሐረርጌ ደጋ የመጣው ጫት የደረሰው ሁሉ ወደ ጥላው ይገባል፤ አውራ ጎዳናውም እንደ ሌሊት ጭር ይላል። ሰውየውን ያየሁት በዚህ ሰዓት፣ ወደ ወደቡ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ በአንድ የግንብ አጥር ሥር ነው።

ዕድሜው ከሠላሳ የሚበልጥ አይመስልም። እግሩ ባዶ ነው፤ የለበሰው ወፍራም ሹራብ ለብርድ አገር እንጂ ለዚያ ስፍራ የተሠራ አልነበረም። ፊቱን ወደ ግንቡ አዙሮ ቆሟል። በአጠገቡ ሳልፍ ጥርት ባለ አማርኛ፣ «አቤት!» አለ። ለእኔ የመለሰልኝ መስሎኝ ቆምሁ። እኔ ግን አልጠራሁትም፤ በመንገዱም ላይ ሌላ ሰው አልነበረም። ጥቂት ጸጥ ብሎ ጆሮውን አዘነበለና እንደ ገና፣ «አቤት! መጣሁ እኮ!» አለ። አንድ እርምጃም ወደ ፊት ተራመደ፤ ግንቡ ግን ከለከለው። አነጋገሩ የወሎ ሰው አነጋገር ነበር።

ያደረግሁትን ሳልሸሽግ ልንገራችሁ፤ አለፍሁት። ሾፌሮቹ ፒኬ 12 በሚባለው የከባድ መኪናዎች መቆሚያ ይጠብቁኝ ስለ ነበር መዘግየት እንደማይገባኝ ለራሴ ነገርሁት። በኪሴ የያዝሁት ስብከት ስለ ባልንጀራ ፍቅር የተጻፈ እንደ ነበረም አልደብቅም።

እንዲህ ያሉ የአገራችን ልጆች በዚያች ከተማ ጥቂት አይደሉም። በየዓመቱ በብዙ አሥር ሺህ የሚቆጠሩ ወጣቶች፣ የሚበዙትም በእግራቸው፣ በጅቡቲ በኩል ወደ ኦቦክ ይጓዛሉ፤ ከዚያም ባሕሩን ተሻግረው በየመን በኩል ወደ ሳዑዲ ዓረቢያ ለመድረስ ይሞክራሉ። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ2024፣ በአፕሪል ወር ብቻ፣ ከየመን ወደ ጅቡቲ ይመለሱ የነበሩ ሰዎችን የጫኑ ሁለት ጀልባዎች በኦቦክ ጠረፍ አጠገብ ተገልብጠው ከስልሳ የማያንሱ ነፍሳት ጠፉ። ከሞት የተረፈውም ሁሉ ወደ ቤቱ አይመለስም። አንዳንዱ ገንዘቡ ያልቅበታል፤ አንዳንዱ የአባቱን በሬ አስሽጦ ከሄደ በኋላ ባዶ እጁን መግባት ያሳፍረዋል። እንዲህም ሆኖ በጎዳና ላይ የቀረው፣ ሶማልኛውንም፣ አፋርኛውንም፣ ዓረብኛውንም፣ ፈረንሳይኛውንም ካላወቀ፣ በሕዝብ መካከል ሳለ ብቻውን ነው። የጅቡቲው ተወላጅ ደራሲ አብዱራህማን ዋበሪ በ1994 ባወጣው የመጀመሪያ መጽሐፉ ውስጥ ስለ አገሩ እብዶች የሚናገር ጽሑፍ አስገብቷል። የአገር እብድ ቢያንስ የማን ልጅ እንደ ሆነ የሚያውቅ ጎረቤት አለው። ባይተዋር ሆኖ ላበደ ሰው ግን «የእገሌ ልጅ» ብሎ የሚያነሣው ከወዴት ይመጣል?

በዚያች ሌሊት፣ ከቃሉና ከጸሎቱ በኋላ፣ ሾፌሮቹ በመኪናቸው ጎን ምንጣፍ አንጥፈው በእጅ ስልክ ትያትር ይመለከቱ ጀመር። ያ ትያትር «እያዩ ፈንገስ» የተባለው፣ በረከት በላይነህ የደረሰውና ግሩም ዘነበ ብቻውን የሚጫወተው ነው። አእምሮው የተናወጠ አንድ ሰው ፌስታሉን ይዞ በመድረክ ላይ ይቆማል፤ ሌላ ተጫዋች የለም፤ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ የሚናገረው እርሱ ብቻ ነው። ጤነኛ የተባለው ሰው በሹክሹክታ የሚለውን እርሱ ጮኾ ይለዋል። ሾፌሮቹ ሳቁ፤ እኔም ሳቅሁ። ቁም ነገር ያለበት ሳቅ ነውና ሳቁን አልነቅፈውም። ከእብድ አፍ እውነት መስማት በአገራችን የቆየ ልማድ ነው።

ሆኖም ከመካከላቸው አንዱ ሲስቅ፣ «አይ ብቸኛ! ለማን ይሆን የሚያወራው?» አለ። ያን ጊዜ ሳቄ በጉሮሮዬ ቀረ። በትያትሩ ያለው እብድ በመድረኩ ላይ ብቻውን ይሁን እንጂ በአዳራሹ ውስጥ ብዙ ሰው ይሰማዋል፤ ቃሉም አንዲት ስንኳ ሳትወድቅ ትለቀማለች። ነገር ግን ያ ሁሉ ሰሚ እንዳይመልስለት በጨዋታው ሕግ ተከልክሏል። ከተመልካቾች መካከል አንዱ ተነሥቶ «ወንድሜ፣ ምን ሆነህ ነው?» ቢለው ትያትሩ ይፈርሳል፤ ጎረቤቱም ልብሱን ስቦ ያስቀምጠዋል። ዝም ብሎ መስማት በትያትር ቤት ጨዋነት ነው። በቀትር በዚያ ግንብ ሥር የነበረኝ ጨዋነትም ይኸው ነበር፤ ሰማሁ፣ አዘንሁ፣ ሄድሁ። የአንድን ሰው መከራ ሳልከፍል የገባሁበት ትያትር አደረግሁት።

በማግሥቱ ጧት በዚያው መንገድ ተመለስሁ። ሰውየው በስፍራው ነበር። ከግንቡ ማዶ፣ ከመንገዱ ሌላ ወገን፣ በትናንቱ ቀትር ያላስተዋልሁት አንድ ዳስ አለ፤ በሥሩም አንዲት በዕድሜ የገፋች የአገሩ ሴት ሻይ አፍልታ ለወደብ ሠራተኞች ትሸጣለች። ሰውየው እንደ ልማዱ ወደ ግንቡ ዞሮ፣ «አቤት!» አለ። ሴቲቱ ከማንቆርቆሪያዋ ቀና ሳትል፣ «ወንድም!» ብላ ተጣራች። አልሰማም። «ወንድም!» አለች ደግማ። በዚህ ጊዜ ዞረ፤ ወደ እርስዋም ተመልክቶ፣ «አቤት» አለ፤ ድምፁም ዝቅ ያለ ነበር። «ና፣ ሻይ» አለችው። መንገዱን ተሻግሮ መጣና በድንጋይ ላይ ተቀመጠ፤ ብርጭቆውን በሁለት እጁ ይዞ ጠጣ። ሩብ ሰዓት ያህል ከአፉ ቃል አልወጣም።

አብሮኝ የነበረው ሾፌር ሶማልኛ ስለሚያውቅ በእርሱ አማካይነት ጠየቅኋት። አማርኛን የተማረችው ከሾፌሮች ነው፤ ና፣ ሻይ፣ ስንት፣ እሺ፣ ወንድም፣ አይዞህ፤ ከዚህ ብዙም አያልፍም። ስለምን እንደምትጠራው ስጠይቃት በጥያቄዬ ተደነቀች። «እኔ ስጠራው ያኛው ዝም ይላል» አለች። ሌላ ትርጓሜ አልጨመረችም፤ ወደ ሥራዋም ተመለሰች።

ወደ አገሬ ከተመለስሁ በኋላ ይህ ነገር ስላልለቀቀኝ ብዙ አሰብሁበት። አቤት ማለት በእኛ ዘንድ የልጅ የመጀመሪያ ትምህርት ነው። እናት በደጃፏ ቆማ ከብት ወደሚጠብቅበት መስክ ስሙን ስትጣራ «ምን?» ብሎ የመለሰ ልጅ ይቆነጠጣል። አቤት «አዎን» ማለት አይደለም፤ «እሺ» ማለትም አይደለም። ምን እንደሚታዘዝ ገና ሳያውቅ «እዚህ አለሁ፤ እሰማለሁ» ማለት ነው። ደግሞም የተበደለ ሰው በዳኛ ፊት፣ በቀድሞው ዘመንም በንጉሥ መንገድ ላይ ቆሞ የሚጮኸው ይህንኑ ቃል ነው፤ አቤቱታ የምንለውም ከዚሁ ጋር አንድ ነው። እንግዲህ አንዲቱ ቃል የተጠራ ሰው መልስም ናት፤ ሰሚ ያጣ ሰው ጩኸትም ናት። ያ ሰው በግንቡ ሥር ሲላት ከሁለቱ የትኛዋ እንደ ሆነች መለየት አልቻልሁም።

ስለ ሰው ብቸኝነት የተጻፉ ትያትሮችንም አገላብጫለሁ። ከእነርሱ አንዱ ከዚህ ጉዳይ ጋር ስለሚገናኝ እነግራችኋለሁ። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1972፣ በኅዳር ወር፣ በኒው ዮርክ ከተማ የታየ ነው፤ ርዝመቱ ሩብ ሰዓት ያህል ብቻ ነው። ደራሲው በ1906 በደብሊን አጠገብ ከፕሮቴስታንት ቤተ ሰብ የተወለደው፣ በ1969 የኖቤል ሽልማት የተሰጠው ሳሙኤል ቤኬት ሲሆን፣ ስሙ ወደ አማርኛ ሲመለስ «እኔ አይደለሁም» ይሆናል። መድረኩ ጨለማ ነው። በጨለማው ውስጥ ከፍ ብሎ በብርሃን የሚታየው የአንዲት ሴት አፍ ብቻ ነው፤ ፊት የለ፣ ዓይን የለ፣ እጅ የለ። አፉም ያለ ዕረፍት በጥድፊያ ይናገራል። የሚናገረው ዕድሜዋ ሰባ ዓመት ስለሚጠጋ ሴት ነው፤ ያለ ጊዜዋ ተወለደች፣ ወላጆቿ ጥለዋት በማሳደጊያ አደገች፣ ዕድሜዋን ሙሉ ያለ ንግግር ኖረች፤ አንድ ቀን በመስክ ሳለች ድንገት ሁሉ ጨለመባት፣ በጆሮዋም ጩኸት ተነሣ፣ ከዚያ በኋላ ቃሏን መግታት አቃታት። የምትተርከው የገዛ ራሷን ታሪክ እንደ ሆነ ሰሚው ሁሉ ያውቃል፤ እርስዋ ግን «እኔ» ማለት አይሆንላትም። ወደዚያ ቃል በቀረበች ቁጥር ደንግጣ ትሸሻለች፤ ስለ ሌላ ሴት እንደምትናገርም አጥብቃ ትከራከራለች።

ይህን ትያትር በ1973 በለንደን የተጫወተችው ቢሊ ዋይትሎ፣ ዓይኗ ተሸፍኖ፣ አካሏም እንዳይነቃነቅ ከወንበር ጋር ታስሮ ስትለማመድ፣ በባዶ ሰማይ ውስጥ የምትንከባለል እስኪመስላት ድረስ አእምሮዋ ታወከ፤ ልምምዱንም ለጊዜው አቋረጡት። ለጨዋታ ሲሉ ብቻውን የተተወ አእምሮ እንኳ እንዲህ ይሆናል።

እኔን የነካኝ ግን ከአፉ ይልቅ በመድረኩ ዳር የሚቆመው ሌላው ነው። ወንድ ይሁን ሴት አይታወቅም፤ ከራሱ እስከ እግሩ በሰሜን አፍሪቃ ሰዎች ዓይነት ጥቁር ቀሚስና ቆብ ተሸፍኗል። አንድ ቃል አይናገርም። ሴቲቱ «እኔ» ማለትን እንቢ ባለች ጊዜ፣ ምንም ሊረዳት እንደማይችል ሰው በኀዘን ሁለት እጁን ከጎኑ አንሥቶ መልሶ ይጥላል። ይህን አራት ጊዜ ያደርጋል፤ እያንዳንዱም ከፊተኛው እየደከመ ይሄዳል። ይህ ሰሚ በመድረክ ላይ ለማቆም አስቸጋሪ ሆኖ ስለ ተገኘ፣ ደራሲው ራሱ በ1975 በፓሪስ ሲያዘጋጀው አስቀረው፤ በ1978 ግን መለሰው። በየአገሩ ከሚያሳዩትም ብዙዎቹ ያስቀሩታል። እኔ በዚህ ላይ አስተያየት እንድሰጥ ብጠየቅ፣ ትያትሩ ያለ ሰሚው ይበልጥ ያስደነግጣል፣ ከሰሚው ጋር ግን ይበልጥ ይወቅሳል እላለሁ፤ ያ እጁን አንሥቶ የሚጥለው እኔ ነኝና።

በእኛ ቋንቋ «ሰማሁ» እና «ሰማች» የሚለዩት በመጨረሻዪቱ ፊደል ብቻ ነው። ያቺ አሮጊት ልትሻገራት ያልቻለችው ይህችን አንዲት ፊደል ነው። ስለምን? ደራሲው ምክንያቱን አልገለጠም፤ እኔ ግን እንዲህ ይመስለኛል። ሰው «እኔ» ማለትን የሚማረው «አንተ» ወይም «አንቺ» ብሎ ከሚጠራው ሰው አፍ ነው። ሕፃን ስሙን ያወቀው ሌሎች ስለ ጠሩት እንጂ ራሱን ስለ ጠራ አይደለም። በሰባ ዓመት ውስጥ ማንም በፍቅር አንቺ ያላላት ሴት፣ ቃሉ ቢመጣላትም የሚያርፍበት «እኔ» የላትም። በግንቡ ሥር የነበረው ሰው ከእርስዋ ይሻላል፤ «አቤት» ማለት አልጠፋውም። የጠፋበት ጠሪው ነበር፤ ጠሪም ቢያጣ አእምሮው ራሱ ጠሪ ሠራለት።

ይህ ነገር የሰነፎች ወይም የእምነት ጎደሎዎች ዕጣ ብቻ እንደ ሆነ የሚያስብ አንባቢ ካለ፣ ከ1951 እስከ 1954 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በካናዳ፣ በሞንትሪያል ከተማ፣ በማክጊል ዩኒቨርሲቲ የተደረገውን ምርመራ ያስታውስ። ጤነኞች የሆኑ ተማሪዎች በቀን 20 ዶላር እየተከፈላቸው በአንዲት ክፍል ውስጥ በአልጋ ላይ ተኙ፤ ዓይናቸው ብርሃን እንጂ ቅርጽ በማያሳይ መነጽር፣ እጃቸውም በእጅ ሹራብና በካርቶን ተሸፈነ። ሥራቸው መተኛት ብቻ ነበር። ነገር ግን የሚበዙት ከጥቂት ቀን በላይ አልታገሡም። ያልነበረ ነገር ያዩ፣ ድምፅም የሰሙ ነበሩ፤ አንዱ ሽኮኮዎች በትከሻቸው ከረጢት ተሸክመው በሰልፍ ሲሄዱ ተመለከተ። እነዚህ ልጆች ወጣቶች፣ የጠገቡና የተማሩ ነበሩ፤ በፈለጉም ጊዜ ተነሥተው መውጣት ይችሉ ነበር። በረሃ ለበረሃ የተጓዘ፣ የተራበና የተገፋ ሰው ደግሞ ከዚህ የበለጠ ቢሆን ምን ያስገርማል? «ብቻውን የበላ ብቻውን ይሞታል» የሚለው ተረታችን ለንፉግ የተነገረ መልካም ተግሣጽ ነው፤ ነገር ግን የሚበላውን ያጣ ሰው ብቻውን ሲሞት ስናይ በዚህ ተረት ራሳችንን እንዳናጽናና እፈራለሁ።

ስለዚህ ነገር በአንድ ስብሰባ ላይ ብናገር፣ የማከብረው አንድ የሥራ ባልንጀራዬ ተነሥቶ፣ «ሴቲቱ ቸርነት አድርጋ ይሆናል፤ ነገር ግን ሰውየው ሐሰት ሲያስብ ከሐሰቱ ጋር መተባበር አይሆንባትምን? ስምንተኛው ትእዛዝ በሐሰት አትመስክር ይላልና» አለኝ። ቀላል ጥያቄ አይደለም። ብዙ ጊዜ በየቤታችንም ይነሣል፤ እናቱ ከሞተች በኋላ «እናቴ በደጅ ትጠራኛለች» የሚል ልጅ፣ ወይም ዕድሜ የጫናቸው ሽማግሌ «ጦር ሜዳ ሄደው የቀሩት ወንድሜ መጡ» ሲሉ፣ ምን ይመለሳል? «ማንም አልጠራህም» ብትለው እውነት ተናግረሃል፤ ነገር ግን እርሱ በጆሮው ሰምቷልና አንተን ሐሰተኛ አድርጎ ይቆጥርሃል፤ ያ ድምፅ ያለው ዓለም ከአንተ ዓለም ይልቅ የእርሱ ሆኖ ይቀራል። «አዎን፣ ይጠሩሃል፤ ሂድ» ብትለው ደግሞ ዋሽተሃል፤ የላክኸውም ወደ ግንብ ነው። ባልንጀራዬ ከእነዚህ ከሁለቱ በቀር ሌላ መንገድ የለም ብሎ ያስብ ነበር፤ እኔም ያን ቀን የምመልስለት አጣሁ።

ዛሬ ብጠየቅ ግን ሴቲቱ ከሁለቱ አንዱንም አላደረገችም እላለሁ። ድምፁ አለ አላለችም፤ የለምም ብላ አልተከራከረችም። ራሷ ጠራችው። ጥሪዋም እውነተኛ ነበር፤ ጠሪ ነበረች፣ ተጠሪም ነበረ፣ ሻዩም በብርጭቆ ውስጥ ነበረ። ሰውየው ያለ ጠሪ የተናገራትን ቃል ጠሪ ሰጠቻት፤ በዚያች ሰዓትም «አቤት» ማለቱ ሐሰት መሆኑ ቀረ። የእኔ ዝምታ ይልቅ ሐሰት ነበረበት። ሰው እንደ ሌለ አድርጌ በሰው አጠገብ አልፌአለሁና፣ በስምንተኛው ትእዛዝ የምጠየቅ ከሆነ እኔ እንጂ እርስዋ አይደለችም።

በልጅነቴ አያቴ፣ «በሌሊት ስምህን የሚጠራ ድምፅ ብትሰማ ሦስት ጊዜ እስኪጠራህ ድረስ አቤት አትበል» ትለኝ ነበር። ፍርሃት ነው ብዬ ንቄዋለሁ። ኋላ ግን የብላቴናውን የሳሙኤልን ታሪክ ሳስብ፣ ልጁ ሌሊት ሦስት ጊዜ ተነሥቶ ወደ ዔሊ መሮጡ ትዝ አለኝ። ሽማግሌው አላሾፈበትም፤ አብዷል ብሎም ደጅ አላስወጣውም። ጥሪው ከወዴት እንደ ሆነ እስኪለይለት ድረስ ልጁ በእያንዳንዱ ጊዜ የሚሮጥበት ሰው ነበረው። ይህን ስል የታመመ ሰው የሚሰማው ድምፅ የእግዚአብሔር ነው ማለቴ እንዳይመስላችሁ፤ ፈጥኖም የርኩስ መንፈስ ነው የሚለውን አልቀበልም። ይህን ፍርድ በችኮላ የሰጡ ሰዎች በሽተኛውን በሰንሰለት አስረው ለዓመታት በጓዳ ዘግተውበት አይቻለሁ። ሕመሙ ሕመም ነው። ከ1998 ጀምሮ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በቡታጅራ አካባቢ 68,378 ሰዎች ተጠይቀው፣ ስኪዞፍሬንያ የሚባለው ብርቱ የአእምሮ ሕመም ከሺህ ሰው አምስት ያህሉን በዕድሜው አግኝቶት እንደ ነበረ ታውቋል። ሺህ ሰው የሚሰበሰብባት ቤተ ክርስቲያን አምስቱን ትቍጠራቸው። ወዴት ናቸው? በምስባኩ ፊት አላየናቸውም።

ሐኪም ያስፈልጋቸዋል፤ መድኃኒትም ያስፈልጋቸዋል። በአገራችን ለረጅም ዘመን የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል በአዲስ አበባ ያለው አማኑኤል ብቻ ነበር። ነገር ግን በ2022 የታተመ አንድ ምርመራ ደስ አሰኝቶኛል። በሶዶ ወረዳ ስኪዞፍሬንያ ካለባቸው 166 ሰዎች መካከል ከፊሎቹ በጤና ጣቢያ መታከማቸው ብቻ ሲሆን፣ ከፊሎቹን ግን ከሕክምናው በላይ በየቤታቸው የሚጎበኙአቸው ሰዎች ነበሩ። ጎብኚዎቹ ሐኪሞች አልነበሩም፤ አሥረኛ ክፍል የጨረሱና አምስት ሳምንት የሠለጠኑ የአገሩ ልጆች ነበሩ። ከአሥራ ሁለት ወር በኋላ የተጎበኙት ሰዎች በዕለት ኑሮአቸው ካልተጎበኙት ይልቅ ተሽሏቸው ተገኙ። የሻይ ሻጪዋ ጥበብ በአኃዝ ሲመዘን እንኳ ክብደት አለው ማለት ነው።

ከጅቡቲ ከመነሣታችን በፊት የሆነውን እስካሁን አልተናገርሁም። መኪናው ማዳበሪያ ጭኖ ሊነሣ ባለበት ቀን ማለዳ፣ ሾፌሩን አስጠብቄ ወደ ግንቡ ሄድሁ። ሰውየው ወደ ግንቡ ዞሮ ቆሞ ነበር። «ወንድሜ!» አልሁት። ወዲያው ዞሮ፣ «አቤት» አለ፤ ዓይኑንም በዓይኔ ላይ ተከለ። ያን ጊዜ ከዚያ ወዲያ የምለው አንዳች ነገር እንዳላዘጋጀሁ አወቅሁ። ሃያ ዓመት ሊሞላኝ የተቃረበ ሰባኪ ነኝ፤ ነገር ግን ቃል አጣሁ። ዝም ብለን ስንተያይ፣ የቸገረኝን አይቶ እርሱ ጠየቀኝ። «ከወዴት መጣህ?» አለ። ከኮምቦልቻ አልሁት። «ዝናቡ ገባ?» አለ። «ገብቷል፤ ጭቃ ነው» አልሁት። ራሱን ነቀነቀ፤ ጤፉ ስለ መዘራቱም ጠየቀኝ፤ የማውቀውን ነገርሁት። ሴቲቱ ሁለት ብርጭቆ አመጣች። ሻዩን ጠጥተን ሳንጨርስ ሾፌሩ የመኪናውን ጡሩምባ ነፋ፤ እኔም ተነሥቼ ሄድሁ።

ከዚያ በኋላ ሾፌሮቹ በሄዱ ቁጥር እንዲጎበኙት ለመንኋቸው፤ አደረጉትም። ሐኪም ቤት ሊወስዱት ሁለት ጊዜ ሞክረው በመንገድ ላይ ተመለሰባቸው፤ ወደ አገሩ ሊያመጡትም መታወቂያ ወረቀት አልነበረውም። በመስከረም መጨረሻ የሄደው ሾፌር ግን ስፍራውን ባዶ አገኘው። ሴቲቱም ወዴት እንደ ደረሰ አላየችም። በየሐኪም ቤቱና በየፖሊስ ጣቢያው ሄዳ መጠየቅ ፈልጋ ነበር፤ «ወንድም» ብሎ መጠየቅ ግን አይቻልም። ስለዚህ በሾፌሩ አማካይነት፣ «ያ ቄስ ያን ቀን ሲያናግረው ስሙን ጠይቆት ነበርን?» ብላ ላከችብኝ።

አልጠየቅሁትም ነበር።